ጭራቸው የተቀያየረ መጻሕፍት

መጀመሪያ ይቅርታ ልጠይቅ። መጻፍ የእኔ ሥራ አይደለም፤ የእኔ ሥራ ካውያ ነው። ፊደል የለየሁት ልጆች ከወለድኩ በኋላ ነው። አሁንም ረጅም ቃል ሲመጣብኝ የሰው በር ላይ እንደ ቆመ እንግዳ አንኳኩቼ፣ ጠብቄ ነው የምገባው። ደፍሬ የጀመርኩት ነገሩ ስለ አክስቴ ስለሆነ ነው። እሷ ስለ ሌላው ሰው የተጻፈውን ስታነብ ኖራለች፤ ስለ እሷ ግን አንድ መስመር የጻፈ የለም። ከእኔ የተሻለ ሰው እስኪመጣ ድረስ ይህ ይያዝልኝ። የተጨማደደ ዓረፍተ ነገር ያገኘ ሰው ዝም ብሎ ይለፈው፤ ልብስ ቢሆን ኖሮ እኔው አቃናው ነበር።

አክስቴ የእናቴ ታናሽ እህት ናት። መጽሐፍ ታከራያለች። ሱቅ አላት ማለት ይከብዳል። ያለችው አንድ ፎቅ ቤት ደረጃ ሥር ነው፤ ሳንቃዎች በድንጋይ ላይ ደርድራ፣ ዝናብ ሲመጣ የምታወርደው ላስቲክ ከላይ ጠቅልላ አስራለች። በአንድ ጎኗ ጋራዥ አለ፣ በሌላው ጎማ ጠጋኝ። ጠባቡን መንገድ ተሻግሮ ፊት ለፊቷ ያለው እኔ የምሠራበት የልብስ ስፌት ቤት ነው። የምተኩሰው በር ላይ ስለሆነ እሷም እኔን፣ እኔም እሷን ስንተያይ ነው የምንውለው።

የምታከራየው መጽሐፍ የኳስ፣ የምርጫና የጦርነት ብቻ ነው። ቦክሱም፣ ሩጫውም፣ ብስክሌቱም እሷ ዘንድ ኳስ ነው የሚባለው። የፍቅር መጽሐፍ የጠየቃትን ሰው ከጓደኛህ ተዋስ ትለዋለች። ምክንያቷን አንድ ቀን ጠይቄያት ነበር። የፍቅር መጽሐፍ የወሰደ ሰው ትራስ ሥር ይደብቀዋል አለችኝ፤ አይመልሰውም፣ ቢመልሰውም አያወራም። የጠብ መጽሐፍ ያነበበ ሰው ግን ካላወራ ያመዋል። ሊያወራ ሲመጣ መጽሐፉን ይዞ ይመጣል።

ደንበኞቿ ሾፌሮች፣ ዘበኞች፣ እጃቸው ግሪስ የጠጣ መካኒኮች ናቸው። መካኒክ ያነበበው መጽሐፍ ያስታውቃል፤ እስከ የት እንደደረሰ በጣቱ ጥቁር ይታያል፣ ሰልችቶት የተወው ገጽ ላይ ጥቁሩ ያልቃል። አክስቴ ይህን እያየች የትኛው መጽሐፍ መሐሉ ላይ እንደሚደክም ታውቃለች።

እሷ ራሷ ከሰው ጋር ተጣልታ አታውቅም። ወረፋ ላይ የሚገፋት ካለ ወጥታ ከኋላ ትሰለፋለች። እናቴ «እህቴ የተፈጠረችው ለመሸነፍ ነው» ትል ነበር። ደንበኞቿ ስለ አንድ ጨዋታ ወይም ስለ አንድ ምርጫ ተከራክረው ተከራክረው፣ አንቺስ የማን ደጋፊ ነሽ ብለው ሲይዟት፣ መጽሐፌን የሚመልስልኝ ሰው ደጋፊ ነኝ ትላቸዋለች። በዚያው ያልቃል።

ወደዚህ ሥራ ያስገባት አሮጌ ወረቀት ነው። በወጣትነቷ ያረጀ መጽሐፍና ጋዜጣ በኪሎ እየገዛች ለባለ ሱቆች መጠቅለያ ትሸጥ ነበር። አንድ ቀን ሸክሟን አውርዳ ስታርፍ ከላይ ያለውን ገጽ ማንበብ ጀመረች። ሁለት ቦክሰኞች ናቸው። አንዱ ዓይኑ አብጦ አይታየውም፣ ግን አልወድቅም ብሏል። ገጹን ስትገለብጠው ቀጣዩ የለም። የቀደመውን ሸክም የወሰደው ባለ ሱቅ ዘንድ ተመልሳ ሄደች። ገጹ ጠዋት ስኳር ተጠቅልሎበት ሄዷል። ዓይኑ ያበጠው ሰውዬ አሸነፈ ወይስ ወደቀ፣ እስከ ዛሬ አታውቅም። «ያ ስኳር የገባበት ቤት ያውቃል» ትላለች።

ሌላ ሰው ቢሆን ተናዶ ይረሳው ነበር። እሷ ግን ሰው መጨረሻውን ካላወቀ እንቅልፍ እንደማይወስደው ተማረችበት። ከዚያ ወዲያ ከወረቀቱ ክምር ውስጥ ሙሉ የሆነውን መጽሐፍ እየለየች ታስቀምጥ ጀመር። መጽሐፍ ሲገባላት መጀመሪያ ራሷ ታነበዋለች። ከዚያ የመጨረሻውን ምዕራፍ በምላጭ ከጥራዙ ለይታ ታወጣዋለች። በወስፌ ወግታ፣ በክር ሰፍታ፣ የሲሚንቶ ከረጢት ወረቀት ታለብሰዋለች። ይህ ጭራ ይባላል። ደንበኛው መጀመሪያ የሚወስደው አካሉን ነው፤ አካሉን ሲመልስ ጭራውን ይቀበላል። ጭራውን እዚያው ደረጃው ላይ ተቀምጦ የሚጨርስ አለ፣ ቤቱ ወስዶ እያጣጣመ የሚያነብ አለ። ጭራው እንዳይጠፋባት አትፈራም። ከብቱ የሌለ ጭራ ዝንብ አያባርርም ባይ ናት። በዚህ ዘዴዋ ሰዉ ሁሉ «እትዬ ጭራ» ይላታል። ቢሏት አይከፋትም።

ጭራዎቹ ላይ የመጽሐፍ ስም አትጽፍም፤ ከጻፈች ዞር ስትል ሰው እየፈለገ ይሰርቃታል። የምትለያቸው በክር ነው። ጦርነት ጥቁር፣ ኳስ ነጭ፣ ምርጫ ሰማያዊ። የትኛው ጭራ የየትኛው አካል እንደሆነ ደግሞ በክሩ ቋጠሮ ታውቃለች፤ ሦስት ቋጠሮ ያለው አካል፣ ያንኑ ቀለም ባለ ሦስት ቋጠሮ ጭራ አለው። ክሩን የሚሰጣት አሠሪዬ ልብስ ሰፊው ነው፣ ከሥራ የተረፈውን። አንድ ጊዜ ሰማያዊው አለቀባትና መጣች። ልብስ ሰፊው መሳቢያውን በርብሮ አንድ ማጠንጠኛ አወጣና ይህም ሰማያዊ ነው ብሎ ሰጣት። ሰማያዊነቱ ፀሐይ ላይ ብቻ ነበር። ደረጃ ሥር ደግሞ ፀሐይ አይገባም።

ልብስ ሰፊው ክፉ ሰው አይደለም። እጁ ሳይለካ አይቆርጥም፤ አፉ ግን ሳይለካ ነው የሚቆርጠው። ስጠይቀው ደሞዜን ጨምሮልኛል፣ ልጄ ሲታመም ከሥራ እንድቀር ፈቅዶልኛል። ይህን ያልኩት ቀጥሎ የማወራው ነገር ሰውየውን እንዳያስጠላባችሁ ነው።

በመንገዱ ጫፍ የእህል መጋዘን አለ። በሩ ላይ የሚቆሙት ዘበኛ ሃምሳ አለቃ ይባላሉ፤ ድሮ ወታደር ነበሩ። ዩኒፎርማቸውን የምተኩስላቸው እኔ ነኝ። «ልጄ፣ አንቺ እኮ ከእኔ የበለጠ ተኩሰሻል» ይሉኛል። በየሳምንቱ ይሉታል፤ በየሳምንቱ እስቃለሁ።

እሳቸውና ልብስ ሰፊው ድሮ ምሳ ሰዓት ላይ በቆርኪ ዳማ ይጫወቱ ነበር። አንድ ቀን ሃምሳ አለቃ ሊሸነፉ ትንሽ ሲቀራቸው ተረኛ ነኝ ብለው ተነሡ። እውነትም ተረኛ ነበሩ። ልብስ ሰፊው ግን በሰው ፊት፣ «መሸሽ ለአንተ አዲስ አይደለም፤ መላጣውንም እግሬ አውጪኝ ብለህ ነው የወረድከው» አላቸው። መላጣው ማለት እሳቸው የተዋጉበት ኮረብታ ነው፤ ዛፍ ስላልነበረበት ወታደሮቹ ያወጡለት ስም ነው። ወሬውን ለልብስ ሰፊው ያመጣለት አንድ የጭነት መኪና ሾፌር ነበር። ሾፌሩ በዚያ ጦርነት ጊዜ ኮረብታው ሥር ነበርኩ፣ ያንን ዘበኛ ቁልቁል ሲሮጥ በዓይኔ አይቼዋለሁ ብሏል።

ሃምሳ አለቃ ቆርኪዎቹን ሰብስበው ቆርቆሮው ውስጥ ከተቱና ሄዱ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሁለቱ አይነጋገሩም። ልብስ ሰፊው ግን እሳቸውን ሲያነሣ «እግሬ አውጪኝ» ነው የሚለው። ስሙም መንገዱን ያዘው። ጎማ ጠጋኙ እንኳን፣ በልቡ ምንም ክፋት ሳይኖር፣ እግሬ አውጪኝ ዛሬ አልገባም እንዴ ብሎ ይጠይቃል። ሃምሳ አለቃ ይሰማሉ። ፊታቸው አይለወጥም፤ ግን መንገዱን ሲያልፉ ድሮ በመሐል ነበር፣ አሁን በዳር በዳር ነው።

ሰው አብሮት የነበረ ምስክር ከሌለው ምን ብሎ ይከራከራል? ለአክስቴ ግን አንድ ነገር ነግረዋታል፤ ስለዚያ ጦርነት የተጻፈ መጽሐፍ ካገኘሽ ለእኔ አስቀድሚልኝ ብለዋት ነበር።

መጽሐፉ ብዙ ቆይቶ መጣ። አክስቴ አነበበችው። ስትጨርስ ከካውያዬ ቀና ብዬ አይቻታለሁ፤ መነጽሯን አውልቃ በቀሚሷ ጫፍ ጠርጋ፣ ጠርጋ፣ መልሳ አደረገችው። ከዚያ ምላጯን አንሥታ ጭራውን ቆረጠች። ለእሳቸው እንኳን ሙሉውን ብትሰጫቸው ምናለበት አልኳት። «ለአንዱ ሙሉ፣ ለአንዱ ጎዶሎ ከሰጠሁማ ዳኛ ሆንኩ ማለት ነው» አለችኝ። በጥቁር ክር ሰፋችው፤ ሦስት ቋጠሮ።

ሃምሳ አለቃ አካሉን ይዘው ሄዱ። መጋዘኑ በር ላይ ቁጭ ብለው ሲያነቡ ይታያሉ። እንደ ሌላው ሰው አያነቡም ነበር፤ ጣታቸውን በየመስመሩ ሥር እያስኬዱ፣ የጠፋ ነገር እንደሚፈልግ ሰው። አልፎ አልፎ እየመጡ ስለ እኛ ተጽፏል ወይ ይሏታል። ይጨርሱና ይምጡ ትላቸዋለች። አክስቴ መጨረሻ አታወራም። ለእናቴም አላወራችም፣ እናቴ አልጋ ላይ ሆና ስትለምናት እንኳን።

ጨርሰው የመጡት አመሻሽ ላይ ነው። አክስቴ ሣጥኗ ውስጥ እጇን አግብታ ጠቆር ያለ ክር፣ ሦስት ቋጠሮ አወጣችና ሰጠቻቸው። በማግስቱ ልብስ ሰፊው አንድ የምርጫ መጽሐፍ መለሰላትና ጭራውን ጠየቀ። እሱንም ጠቆር ያለ፣ ሦስት ቋጠሮ ሰጠችው። እንደዚህ የተገጣጠመ ስህተት ሌላም ቦታ ይኖር ይሆን? አላውቅም። እሷ ዘንድ ግን የመጀመሪያው ነበር።

ልብስ ሰፊው ጭራውን ምሳ ሰዓት ላይ አነበበው፤ ምሳው ቀዘቀዘ። ከዚያ ጀምሮ ሱሪ ሊያሳጥር የመጣውንም፣ ዚፕ ሊያስቀይር የመጣውንም እያቆመ ያወራ ጀመር። እንደዚህ ያለ ምርጫ ተጽፎ አያውቅም ይላል። ድምፅ እየተቆጠረ ሳለ፣ ገጹን ብትገልጠው ጦርነት ነው። ወታደሮች አንድ ኮረብታ ላይ ተከበዋል። ውረዱ የሚል ትእዛዝ ይደርሳል ተብሎ አልደረሰም። ውሃ አልቋል። ጥቂት ሰዎች ጀሪካን ይዘው በጥይት መሐል ወደ ወንዙ ይወርዳሉ። ታች ሲደርሱ መንገዱ ክፍት ነው፣ የመጨረሻዎቹ መኪኖች ሊሄዱ ነው፣ ሾፌሮቹ ኑ ተሳፈሩ ይሏቸዋል። ሰዎቹ ውሃውን ቀድተው ወደ ላይ ይመለሳሉ።

ልብስ ሰፊው እዚህ ቦታ ላይ ሁልጊዜ ሥራውን ያቆማል። ሜትሩን በሁለት እጁ ወጥሮ ይይዝና፣ «ሞተሩ ተነሥቷል እኮ፤ እኔ ብሆን ጀሪካኑን ለወንዙ ትቼ እሳፈር ነበር» ይላል። ከዚያ ራሱን ይነቀንቃል።

ኮት ሊለካ የመጣ አንድ መምህር፣ ታዲያ እጩው የት ሄደ ብሎ ጠየቀው። ሲሸነፍ ጫካ ገባ አለው። ስሙ ግን እዚህ ምዕራፍ ላይ የለም አለ መምህሩ፣ ገለጥ ገለጥ አድርጎ። ልብስ ሰፊው ሳቀበት። ጫካ የገባ ሰው ስሙን አይቀይርም እንዴ? መምህሩም እሱስ ልክ ነው አለና ክንዱን ለልኬት ዘረጋ። እኔም ካውያዬን እየገፋሁ አምኜዋለሁ። ምርጫ እንደዚያ በማለቁ ማንም አልተገረመም።

ሃምሳ አለቃ በበኩላቸው ጭራውን መልሰው መጡ። በሁለት እጃቸው የአክስቴ ሳንቃ ላይ አስቀመጡት። አመሰግናለሁ፣ ልብሽን አውቄዋለሁ ብለዋት ሄዱ። አክስቴ ደስ ብሏቸው ነው ብላ አሰበች። ጭራውን ሣጥኑ ውስጥ ከተተችው።

ነገሩን የሰማሁት እኔ ነኝ። ዩኒፎርማቸውን አምጥተው ሲሰጡኝ የመጨረሻው ነው አሉኝ። ለመጋዘኑ ኃላፊ መልሰው፣ ሌላ ከተማ ካለችው ልጃቸው ዘንድ ሊሄዱ ነው። እኔ ብዙ የምጠይቅ ሰው አይደለሁም፤ ያን ቀን ግን ምን ሆነው ነው ብዬ ጠየቅኳቸው።

«አክስትሽ መጨረሻውን ቀይራ ሰጠችኝ» አሉኝ። «ስለ ኮሮጆና ስለ ድምፅ ቆጠራ ነው የሚያወራው። እሷ ደግ ሰው ናት። እውነተኛው ጥሩ ቢሆን ኖሮ አትደብቀኝም ነበር። ሸሹ ተብሎ ተጽፏል ማለት ነው። ወንድ ልጅ ስለ ራሱ የሚያውቀውን መጽሐፍ ካላወቀለት፣ ምን ይደረጋል?»

ለምን አልጠየቋትም አልኩ። መጠየቅማ ማሳፈር ነው አሉኝ።

መንገዱን ተሻግሬ ለአክስቴ ነገርኳት። ሣጥኗን ከፍታ ያንን ጭራ አወጣች፤ ከደረጃው ሥር ወጥታ ፀሐይ ላይ ቆመች። ክሩ ሰማያዊ ነው። ገለጠችው። ኮሮጆ፣ ድምፅ፣ ቆጠራ። ከዚያ ቀና ብላ ወደ ስፌት ቤቱ አየች። ልብስ ሰፊው የሲሚንቶ ወረቀት የለበሰውን ነገር በአንድ እጁ ይዞ፣ በሌላው እጁ ወንዙ ያለበትን አቅጣጫ ለአንድ ደንበኛ እያሳየ ነበር።

ልብስ ሰፊው ምሳ ሊበላ ሲወጣ ጭራውን አምጥቼ ለሃምሳ አለቃ በጎን ልስጣቸው አልኳት። ዩኒፎርሙን መቼ ነው የሚወስዱት አለችኝ። ነገ ምሳ ሰዓት ነው አልኳት። ተኩሰሽ ስትጨርሺ ወደ እኔ አምጪው፣ ከእኔ ጋር ይውሰዱት አለች። እሷ ነገር ስታስብ የምታደርገው ነገር የለም፤ እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ ትቀመጣለች። እንደዚያ ተቀምጣ ዋለች። ደንበኛ ሲመጣ እንኳን ራስህ ፈልገህ ውሰድ ነበር መልሷ።

በማግስቱ ሃምሳ አለቃ በዳር በዳር መጡ። ዩኒፎርሙ ደረጃው ላይ ተሰቅሏል። አክስቴ ጎማ ጠጋኙን በስሙ ጠራችና ና እስቲ አለችው፤ ከዚያ ድምጿን ከፍ አድርጋ ወደ ማዶ ተጣራች። አክስቴ ስትጣራ ሰምቼ አላውቅም ነበር።

«ልብስ ሰፊው፣ ያቺን ስለ ውሃው ያለችውን ቦታ እስቲ አንብብልን። ይሄ ጎረቤቴ አልሰማም።»

ልብስ ሰፊው ሁለተኛ ጥሪ አይፈልግም። መርፌውን ደረቱ ላይ ሰክቶ በሩ ላይ ወጣ። ሃምሳ አለቃን አይቷቸዋል፤ አይቶ እንዳላየ ሆነና ጀመረ። ጥሩ አንባቢ ነው። እኔ ካውያዬን አቆምኩ።

«ጀሪካኖቹን የያዙት አራት ሰዎች ወንዙ ዳር ሲደርሱ መንገዱ ክፍት ነበር። የመጨረሻዎቹ መኪኖች ሞተራቸውን አስነሥተዋል። ሾፌሮቹ በእጃቸው ይጠሯቸው ነበር። ሰዎቹ አጎንብሰው ውሃውን ቀዱ። ከዚያ ፊታቸውን ወደ ከፍታው መለሱ።»

«አምስት ነበርን» አሉ ሃምሳ አለቃ።

ጮክ ብለው አልተናገሩም። ዩኒፎርሙን ከማንጠልጠያው እያወረዱ ነበር፤ እጃቸው እዚያው ቀረ። ልብስ ሰፊው ንባቡን አቋረጠ። ከዳማው ቀን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ አናገራቸው።

«አንተን ደግሞ በምርጫ ጉዳይ ማን ጠየቀህ?»

«ምርጫ አይደለም» አለች አክስቴ። መንገዱን ተሻግራ ሌላውን ጭራ ሰጠችው። «ያንተ ይሄ ነው። የሰጠኸኝ ክር ሰማያዊ የሚሆነው ፀሐይ ላይ ነው። እኔ ነኝ ያሳሳትኩት። እጅህ ላይ ያለው የጦርነት መጽሐፍ ነው፤ የእሳቸው ነበር።»

ልብስ ሰፊው አንዱን አየ፣ ሌላውን አየ። ክሮቹን አጠገብ ለአጠገብ አድርጎ ያዛቸው። ቀለም የመለየት ሥራ የእሱ ስለሆነ ብዙ አልፈጀበትም። ከዚያ ወደ ሃምሳ አለቃ ዞረ።

«መላጣው ነው እንዴ ይሄ?»

«እኛ መላጣው ነው የምንለው» አሉ። «መጽሐፍ ላይ በቁጥር ነው ያለው። አምስተኛው ወንዙ ዳር ቀረብን። ስላልተመለሰ ይሆናል ያልተቆጠረው።»

«ሾፌሩ ግን ስትሮጥ አይቼዋለሁ ብሎኛል።»

«ሮጫለሁ። ቁልቁለት ነው፣ ጥይት አለ። በሽርሽር አይወረድም» አሉ። ዩኒፎርሙን ከማንጠልጠያው አወረዱና፣ «ሽቅቡን ግን መሮጥ አልቻልኩም። ውሃ ከባድ ነው» አሉ።

ከጋራዡ ውስጥ አንድ ሰው ብረት ይመታ ነበር፤ እሱ ብቻ ነበር የሚሰማው። ልብስ ሰፊው ሜትሩን ከአንገቱ አወረደው፣ መልሶ አደረገው። ቀድሞ ሲያወራ ራሱን የሚነቀንቅበት ቦታ ላይ እንደቆመ ያስታውቅ ነበር፤ ያኔ ግን ራሱን አልነቀነቀም።

«ታዲያ የእኔ እጩ የት ገባ?» አለ በመጨረሻ። ጎማ ጠጋኙ ሳቀ፤ ብቻውን ስለነበረ ቶሎ አቆመ። ልብስ ሰፊው በርጩማውን በእግሩ ወደ ውጭ ገፋው። «ቁጭ በል» አላቸው።

ሃምሳ አለቃ በርጩማውን አዩት። አልተቀመጡም። ዩኒፎርሙን ክንዳቸው ላይ አድርገው መንገዱ መሐል ቆሙ።

«ከምዕራፉ መጀመሪያ አንብበው» አሉ።

እሱም አነበበ፣ እንደ ቆመ። ሃምሳ አለቃ አልፎ አልፎ ያርሙታል፤ እሱ አልነበረም፣ ከእሱ በፊት ነው፣ ያ ልጅ ስሙ ሌላ ነው ይላሉ። ልብስ ሰፊው እሺ እያለ ያልፋል። አንድ ቦታ ላይ ሲደርስ ድምፁ ዝቅ አለና ገጹን ሊገልጥ ሲል ሃምሳ አለቃ አትዝለለው አሉት። እዚያ ቦታ ላይ በመጀመሪያው ሌሊት ከኮረብታው ሸሽተው የወረዱ እንደነበሩ ተጽፏል። አነበበው። ይህም እውነት ነው አሉ ሃምሳ አለቃ። ከነዚያ ውስጥ ሁለቱን እወዳቸው ነበር አሉ።

መጨረሻው ላይ ትእዛዙ ይደርሳል፣ ቁስለኛ እየተሸከሙ ይወርዳሉ፤ መጽሐፉ እዚያ ላይ ያልቃል። ሰው ምሳውን ሳይበላ ምሳ ሰዓት አለፈ። የእኔ ካውያ በርዶ ነበር። ሃምሳ አለቃ እጃቸውን ዘረጉ፤ ልብስ ሰፊው ጭራውን ሰጣቸው። አክስቴም ከሳንቃዋ ላይ አካሉን አንሥታ አከለችላቸው። ይህን ስታደርግ ሳያት ነው ነገሩ ምን ያህል ከብዷት እንደነበረ የገባኝ፤ ለአንድ ሰው ሙሉ መጽሐፍ ስትሰጥ ያየኋት ያን ቀን ብቻ ነው። ሃምሳ አለቃ ደህና ዋሉ ሳይሉ፣ በመንገዱ መሐል ሄዱ። ልብስ ሰፊው በርጩማውን ወደ ውስጥ መለሰና እስኪመሽ ድረስ ሳያወራ ሰፋ። ደንበኞቹ ታሟል ብለው ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ስመጣ ሃምሳ አለቃ የተኮስኩትን ዩኒፎርም ለብሰው መጋዘኑ በር ላይ ቆመዋል። ኃላፊው ገና ተተኪ አላገኘም ነበርና ይቆዩ ብሏቸው ይሆናል፣ ወይም እሳቸው ልቆይ ብለው ይሆናል። አልጠየቅኩም።

አክስቴ ላስቲኩን ጠቅልላ፣ አቧራውን እየጠረገች ነበር። ልብስ ሰፊው ማሽኑን ሳይከፍት ወደ እሷ ተሻገረ። እውነተኛውን የምርጫ ጭራ ቤቱ ወስዶ አንብቦት አድሯል። ሳንቃው ላይ ጣለላት።

«ይሄማ ውሸት ነው» አላት። «የተሸነፈው ሰውዬ ሄዶ ያሸነፈውን ጨበጠው። ከዚያ ቤቱ ገብቶ ተኛ። እንዲህ የሚባል ነገር አለ?»

ጸሐፊው እንደዚያ ካለ ምን ላድርግልህ አለችው።

ቆም ብሎ መጻሕፍቱን አየ። አንዱን አነሣ፣ አስቀመጠ። ከዚያ የመላጣውን መጽሐፍ አካሉን እንዳላነበበ፣ ከጭራው መጀመሩን፣ ሰዎቹ እንዴት እዚያ ኮረብታ ላይ እንደወጡ እንደማያውቅ ነገራት። አካሉን ስጪኝ አላት።

«እኔ ጋ የለም» አለችው። «እሳቸው ጋ ነው። ከፈለግክ ሄደህ ጠይቃቸው።»

ልብስ ሰፊው ወደ መጋዘኑ አየ። ወደ አክስቴ ዞሮ አንድ ነገር ሊናገር ነበር፤ እሷ ግን ዞራ መጥረጓን ቀጥላለች። ሜትሩን ከአንገቱ አውርዶ የስፌት ቤቱ ቁልፍ ላይ ጠቅልሎ ለእኔ ሰጠኝና ቁልቁል ሄደ። አክስቴ የታችኛውን ሳንቃ ጠርጋ ጨረሰች። ከዚያ መነጽሯን አድርጋ፣ ማታ የገባላትን የብስክሌት መጽሐፍ ከፍታ ከመጀመሪያው ገጽ ማንበብ ጀመረች።